ለአቶ ደምሌ ስለ ስቴንት ያልነገርኋቸው

ዘንድሮ ሰኔ ላይ ሥራ አቆምሁ። ጉልበቴ ደረጃ አልወጣም ብሏል፤ ዓይኔም የሲሪንጅ ቁጥር ማንበብ ካቃተው ሰነባብቷል። ሠላሳ አምስት ዓመት በነርስነት አገልግያለሁ። አብዛኛው በመንግሥት ጤና ጣቢያ ነው፤ የመጨረሻዎቹን ዓመታት ደግሞ ደብረ ታቦር ውስጥ በአንድ የውስጥ ደዌ ሐኪም የግል ክሊኒክ ሠራሁ። ደመወዙ አላበለጸገኝም፣ አላስራበኝምም። ስለሱ ከዚህ በላይ የምለው የለኝም።

ባለፈው ሳምንት ከክሊኒኩ አንዷ ወጣት ነርስ ቤቴ መጣች። ለልብ ሕሙማን የሚሰጥ መማሪያ ወረቀት እያዘጋጁ ኖሯል። ጥያቄዋ አንድ ነበር፤ ስቴንት የሚለውን ቃል በአማርኛ ምን እንበለው? በእርሳስ የሞከረቻቸውን አሳየችኝ። የደም ሥር ቱቦ፣ የደም ሥር ድጋፍ፣ የልብ ሽቦ ትላለች። ልጄ፣ ጎማን ጎማ፣ መኪናን መኪና ብለን ስንኖር ማን ተቸገረ፣ ስቴንትንም ስቴንት በሉት አልኋት። የሚከብደው ከስሙ በኋላ የሚነገረው ነው። እሷ ግን ስሙን ብቻ ጠይቃ፣ አመስግና ሄደች። ያልጠየቀችኝን ነው እዚህ የምጽፈው።

ቃሉ ወደኛ የመጣው በደብዳቤ ነው። ደረቱን ያመመው ሰው አዲስ አበባ ይላካል፤ ከሳምንት በኋላ አንድ ወረቀትና አንድ ከረጢት ኪኒን ይዞ ይመለሳል። ወረቀቱ ላይ ስቴንት ገብቶለታል ይላል። ሰፈሩ ታዲያ እንደየስሜቱ ይተረጉመዋል። አንዱ ብረት ገባለት ይላል፣ ሌላው ስፕሪንግ ይላል፣ ብዙዎቹ ደግሞ ባትሪ ነው ይላሉ። ባትሪው ሌላ ነገር ነው፤ የልብ ምት ሲዘገይ የሚመታ ነው፣ ከቆዳ ሥር ሆኖ በእጅ ይዳሰሳል። ስቴንት አይዳሰስም። ለልብ ደም የሚያደርሰው ሥር በስብ ሲጠብ ውስጡ ገብቶ ወለል አድርጎ የሚይዝ፣ እንደ ወንፊት የተሠራ ቀጭን የብረት መረብ ነው። አንዳንዱ ወረቀት ደግሞ ግራፍት ይላል። እሱ የጠበበውን ሥር ትቶ ለደሙ ሌላ መንገድ የሚያወጣ ነው፤ ደረት ተከፍቶ የሚሠራ ከባድ ነገር ነው። ሁለቱን ቀላቅሎ የሚጽፍም አይቻለሁ፤ የሚጽፈው ሐኪም ሆኖ ሳለ።

መጀመሪያ የተመደብሁት እብናት ነበር። ያስተማሩኝ ሰው ጋሽ ሰይድ ይባላሉ። አባታቸው እዚያው ከተማ ጨርቅ ይነግዱ ነበር፤ እሳቸው ሱቁን ለወንድሞቻቸው ትተው ቁስል ማሸግ የተማሩ ሰው ናቸው። የምርመራ ክፍላቸው ውስጥ እግሩ የተቆረጠ አጭር ወንበር ነበረ። አናጢ ጠርተው ያስቆረጡት ራሳቸው ናቸው። በሽተኛውን ከፍ ባለው ላይ ያስቀምጡና እሳቸው ከሥር ሆነው ቀና ብለው ያነጋግሩታል። ሰው ወደ ላይ እያየ እውነቱን አይናገርም ይሉ ነበር። የደም ግፊት የሚለኩት ጋቢውን ሙሉ በሙሉ አስወልቀው ነው፤ በልብስ ላይ ስትለኪ የምትለኪው ሸማኔውን ነው እያሉ ይቀልዱብኝ ነበር።

መድኃኒት ሲሰጡ ያስደግማሉ። አንድ ጊዜ የሳንባ ሕመም የያዘው የከብት ነጋዴ ኪኒኑን ተቀብሎ ሊወጣ ሲል ጠሩት። ቤት ስትገባ ሚስትህ ምን ሰጡህ ብትልህ ምን ትላታለህ አሉት። ኪኒን እላታለሁ አለ። ኪኒኑን መልሰው ተቀበሉት። ሰውየው ገበያው ሊበተንበት ነው፣ ይቁነጠነጣል። ለምን እንደሚውጠው፣ እስከ መቼ እንደሚውጠው፣ ቢሻለው እንኳ ለምን እንደማይተወው በራሱ አፍ እስኪናገር ድረስ ሦስት ጊዜ ከበር መለሱት። በአራተኛው ሲያልፍ እኔ ከጥግ ሆኜ የሱን ያህል ደስ አለኝ። ያ ሰውዬ ድኖ፣ ወፍሮ፣ በሬ ሲነዳ አየሁት።

ጋሽ ሰይድ ሌላም ልማድ ነበራቸው። ክፉ ዜና ለበሽተኛው አይናገሩም። ጡቷ ላይ እብጠት የወጣባት አንዲት እናት መጥታ ሳለ ባሏን ወደ ጓሮ ወስደው ነገሩት፤ ለሷ ግን አይዞሽ፣ ቀላል ነው አሏት። ሴትዮዋ የበሽታዋን ስም ሳትሰማ ወራት ኖራ በሰላም አረፈች። ዘመዶቿ ጋሽ ሰይድን መረቋቸው። ክፉ ወሬ ለወገን ነው፣ ለታመመ አይነገርም ይሉኝ ነበር። እኔም ከዚሁ አገር ነኝና እንግዳ አልሆነብኝም። መርዶ እንኳ ወገን ሳይሰበሰብ፣ ጎህ ሳይቀድ አይነገርም። የታመመ ሰው ፊት ቆሞ ትሞታለህ ማለት በኛ ዘንድ ድፍረት ነው፤ እርግማንም ይመስላል። ስለዚህ ሁለቱንም ልማድ ከሳቸው ወሰድሁ፤ ማስደገሙንም መደበቁንም። ሁለቱ አንድ ቀን እንደሚጋጩ አላሰብሁም።

ከእብናት ወደ ሐሙሲት ተዛወርሁ። እዚያ ሳለሁ ከወንዛዬ ፍል ውሃ የሚመጡ ሰዎችን አክሜያለሁ። ውሃው የፈጀው አለ፣ ከእንፋሎቱ ሲወጣ ያዞረው አለ። ለጉልበትና ለወገብ ብሎ ሰባት ቀን፣ ሁለት ሰባት የሚነከር ሰው ከየአገሩ ይመጣል። ብዙው ሰው ሲመጣ ኪኒኑን ቤቱ ትቶ ነው። ውሃውን አምኖ መጥቶ ኪኒን መዋጥ መጠራጠር ይመስለዋል። የሚያጠምቁት ካህን ራሳቸው ኪኒናችሁን ዋጡ፣ እሱንም የሰጠ እግዚአብሔር ነው እያሉ ይመክሩ ነበር። ይህን ሁሉ አውቅ ነበር ለማለት ነው። አላውቅም ነበር ብዬ የማመልጥበት በር የለኝም።

በመካከሉ የሠራሁባቸው አለቆች ብዙ ናቸው። ሪፖርት የሚወድ ነበር፣ ስብሰባ የሚወድ ነበር፣ አንዱ ደግሞ ግቢው ውስጥ ጎመን መትከል ይወድ ነበር። የመጨረሻው አለቃዬ፣ የክሊኒኩ ዶክተር፣ የሚወደው ፍጥነት ነው። ጎበዝ ሐኪም ነው፤ ጆሮውን ደረት ላይ ሳያደርግ የሚያውቅ ይመስላል። በሽተኛውን ያይና ምክሩን አንቺ ጨርሺ ብሎ ወደኔ ይልካል። እኔ እመክራለሁ፤ ከዚያም ካርዱ ላይ «ተመክረዋል» ብዬ እፈርማለሁ። ይህችን ቃል ስንት ሺህ ጊዜ እንደጻፍኋት እንጃ።

የስቴንትን ነገር በደንብ ያስረዳኝ እሱ ነው። ብረቱ ለሰውነት ባዕድ ነው፤ ደም ባዕድ ነገር ሲነካ ይረጋል አለኝ። የሥሩ ገላ ቀስ እያለ ብረቱን ያለብሰዋል። እስኪያለብሰው ድረስ ደም እንዳይረጋ የሚያደርጉ ሁለት ኪኒኖች አሉ። እነሱን ያለ ሐኪም ያቋረጠ ሰው ሥሩ በአንድ ጊዜ ሊዘጋበት ይችላል። እኔ በልቤ የጭቃ ቤት ሲሠራ አየሁ። ማገሩ ቆሟል፣ ጭቃው ግን ገና አልተመረገም፤ ምርጊቱ እስኪደርቅ ድረስ የሚጠብቅ ሰው ያስፈልጋል። ይህን ለማንም ገበሬ ብነግረው በአንድ ጊዜ ይገባዋል። አቶ ደምሌ ደግሞ ገበሬ ነበሩ።

አቶ ደምሌ ከጋፋት ማዶ ገብስ የሚያርሱ፣ ስድሳውን ያለፉ፣ ተጫዋች ሰው ናቸው። ደረታቸውን አሟቸው አዲስ አበባ ተልከው ስቴንት ገባላቸው። ሲመለሱ ታላቅ ወንድማቸው አቶ ገዳሙ ይዘዋቸው መጡ። አቶ ገዳሙ ዝምተኛ ናቸው፤ አንድ ቃል ለማውጣት ከዘራቸውን ሁለት ጊዜ ያዞራሉ። አቶ ደምሌ ግን ገና ሳይቀመጡ አንጓቸውን ገልጠው ነጥብ የምታህል ጠባሳ አሳዩኝ። በዚህች ቀዳዳ ነው ልቤ ድረስ የሄዱ፣ እኔ እንደ ሲኒማ ሳያቸው ነበር እያሉ ክፍሉን ሁሉ አሳቁት። ግፊታቸውን ለካሁ፣ ቁርጭምጭሚታቸውን ተጭኜ እብጠት አየሁ፣ አንጓቸውን ዳሰስሁ። ሁሉም ደህና ነበር። ከዚያ ሳቃቸውን ትተው ጠየቁኝ።

«ሲስተር፣ ይኸ ብረት ኋላ ይወጣል ወይስ ከኔው ጋር ይቀበራል?»

ይህ ጥያቄ እውነቱን ለመስማት የተዘጋጀ ሰው ጥያቄ ነው። ዛሬ ነው የገባኝ። ያን ጊዜ ግን መቀበር የሚለው ቃል አስደነገጠኝ። ወንድማቸውም ከዘራቸውን አዞሩ።

«አይወጣም፤ ግን አይዞዎት፣ ገና ብዙ ያርሳሉ» አልኋቸው።

«ኪኒኑስ ለምንድን ነው?»

«ለብርታት ነው። ሳያቋርጡ ይዋጡ።»

እንዲህ ነው ያልሁት። ደም እንዳይረጋ ነው፣ ከተውት ይሞታሉ አላልሁም። አላስደገምኋቸውም፤ የዋሸሁትን ምን ብዬ አስደግማለሁ? ከዚያ አቶ ገዳሙን ወደ ኮሪደሩ አወጣኋቸውና እውነቱን ሁሉ ነገርኋቸው። ኪኒኑ ከተቋረጠ ብረቱ ላይ ደም ይረጋል፣ ድንገተኛ ሞት ነው፤ አንቱ ይከታተሉ፤ ለሳቸው ግን አይንገሯቸው፣ ልባቸው ታሟልና ይደነግጣሉ አልሁ። አቶ ገዳሙ ራሳቸውን ነቀነቁ፤ አደራዬን ተቀበሉ። ተመልሼ ካርዱ ላይ «ተመክረዋል» ብዬ ፈረምሁ። ጋሽ ሰይድ ቢያዩኝ ይኮሩብኝ ነበር ብዬ ያሰብሁ ይመስለኛል።

ለአምስት ወር ያህል አቶ ደምሌ በየቀጠሯቸው መጡ። የኪኒኑን ማሸጊያ እቆጥራለሁ፤ አንድም አይጎድልም። ከመጀመሪያው ቀን ይልቅ ፊታቸው ወዛ፤ ዳገቱን ሳላርፍ ወጣሁት እያሉ ይፎክሩልኝ ነበር። እኔም ደስ እያለኝ፣ አዩ ብዬዎት አልነበር እላለሁ። ከዚያ አንድ ቀጠሮ ላይ ቀሩ። የገብስ አጨዳ ነው ብዬ አለፍሁት። በሦስተኛው ቀን አንድ የሰፈራቸው ሰው ለራሱ ሕክምና መጥቶ ሲያወራ ሰማሁ። አቶ ደምሌ ወንዛዬ ለጉልበታቸው ሄደው በስምንተኛው ቀን ጠዋት ከውሃው ወጥተው ሲለብሱ ወድቀዋል፤ መኪና ሐሙሲት ሳያደርሳቸው አርፈዋል። የደም ግፊት መለኪያው እጄ ላይ ነበር። ሰውየውን ለክቼ ጨረስሁና ቁጥሩን ስላላየሁት እንደገና ለካሁ።

ለቅሶ ደረስሁ። ነጠላዬን አዘቅዝቄ ከሴቶቹ ጋር ተቀመጥሁ። ባለቤታቸው ወይዘሮ አለምነሽ እጄን ይዘው እንዴት እንደሄዱ ነገሩኝ። ጉልበቱን አሞት ነበርና ወንዛዬ ልሂድ አለኝ፤ ኪኒንህን ይዘህ ሂድ አልሁት፤ እሱ ግን «ኪኒኑ ለብርታት ነው ብላኛለች ሲስተር። እኔ እንደሆንሁ በርትቻለሁ፤ ውሃውን ተጠራጥሬ ደግሞ ምን ያደርግልኛል» ብሎ ሳጥኑ ላይ ትቶት ሄደ አሉ። ይህን የነገሩኝ ሊከሱኝ ብለው አይደለም። የሟችን የመጨረሻ ቃል ለመጣው ሁሉ የሚነግሩ ሴት ናቸው። እኔ ግን ከዚያ በኋላ የተናገሩትን አልሰማሁም።

ስወጣ አቶ ገዳሙ ከድንኳኑ ጥግ ቆመዋል። ሳላያቸው ልለፍ ብል አልቻልሁም። ወንዛዬ የሄደ ጊዜ እኔ አጨዳ ላይ ነበርሁ፣ ከሄደ በኋላ ነው የሰማሁት አሉኝ። ሰው ልልክበት አስቤ ነበር፤ ምን ብዬ ልላክበት? የሚሄደው ሰው ለምን ብሎ ሲጠይቀኝ ምን እለዋለሁ? ከዘራቸውን አላዞሩም።

«አንች አትንገር አልሽኝ፤ እኔም አልነገርሁት» አሉኝ።

ቢቆጡኝ ይሻለኝ ነበር።

በማግሥቱ ለዶክተሩ ነገርሁት። ካርዱን አውጥቶ ተመለከተና ተመክረዋል ይላል አለ። ሊያጽናናኝ ብሎ ነው፤ በሕግ አትጠየቂም ማለቱ ነው። እኔ ግን ያችን ቃል ሳያት አመመኝ። ጽሕፈቷ ቆንጆ ነው፤ ተረጋግታ የጻፈች ሴት ጽሕፈት ነው።

ጋሽ ሰይድ ከሞቱ ቆይተዋል። ቢኖሩ እብናት ድረስ ሄጄ እጠይቃቸው ነበር። ያች እናት መድኃኒት አልነበራትም፤ ብትሰማም ባትሰማም ያው ነበር፤ ዝምታቸው ምሕረት ነበረ። አቶ ደምሌ ግን መድኃኒታቸው በእጃቸው ነበረ። እዚያ ላይ ዝም ማለት ሌላ ነገር ነው። ይህን ልዩነት እሳቸው አላስተማሩኝም፤ እኔም ራሴ አላሰብሁትም። ጋሽ ሰይድን እንደ አባቴ እወዳቸዋለሁ፣ በዚህ ነገር ግን ተሳስተዋል። ይህን ለመጻፍ ብዙ ጊዜ ፈጅቶብኛል።

ከዚያ ወዲያ ካርድ ላይ ተመክረዋል ብዬ ጽፌ አላውቅም። በሽተኛው በራሱ አፍ የመለሰልኝን እንዳለ እጽፋለሁ። «ብረቱ እስኪለብስ ነው፤ ከተውሁት ደም ይረጋል» እያልሁ የሰውን ቃል በጥቅስ ውስጥ አስቀምጣለሁ። ዶክተሩ ካርዱ ተንዛዛ እያለ ያጉረመርማል። ይንዛዛ። በር ላይ አስቁመው ሲስተር እንዳትነግሪው የሚሉኝ የበሽተኛ ልጆች ብዙ ናቸው። አንዳንዱን አባብዬ፣ አንዳንዱን ተቆጥቼ አልፋለሁ። አንድ ልጅ እናቴን ልትገድያት ነው ብሎ ጮኾብኛል። ከበሽተኞቹ ስነግራቸው የደነገጡ አሉ፣ ያለቀሱም አሉ። ኪኒኑን የተወ ግን አላጋጠመኝም።

ሥራ ላቆም ጥቂት ወራት ሲቀሩኝ በሩን ከፍተው አቶ ገዳሙ ገቡ። ከስተዋል። ሁለት ወንዶች ልጆቻቸው ግራና ቀኝ ይዘዋቸዋል። ከለቅሶው ወዲህ ሁለት ዓመት አልፏል፤ ደብረ ታቦር ገበያ ላይ በሩቅ ተያይተን እጅ ከመንሳት በስተቀር ተነጋግረን አናውቅም። ትልቁ ልጅ ወረቀቱን ሰጠኝ። አዲስ አበባ ሄደዋል፤ በወንድማቸው ሥር የገባው በሳቸውም ገብቷል። ልጁ ቀስ ብሎ ወደ ኮሪደሩ ነይ አለኝ በዓይኑ። ወጣሁ። አባታችን የአጎታችን ነገር ልቡ ውስጥ አለ፣ ይኸን ከሰማ አይተርፍም፣ እባክሽ ለኛ ንገሪንና እሱን በደህና ቃል ሸኚልን አለኝ። ያ ኮሪደር ነው። የቆምሁትም አቶ ገዳሙን ይዤ የቆምሁበት ቦታ ላይ ነው።

መልስ ሳልሰጠው ከውስጥ ድምፅ ሰማን።

«ምን ትንሾካሾካላችሁ? ግቡ።»

ገባን። አቶ ገዳሙ ከዘራቸውን ግድግዳው ላይ አስደግፈው ሁለት እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገዋል።

«ለደምሌ የተውሽውን ለኔ አትተይው» አሉኝ።

ወንበር ስቤ ከሥራቸው ተቀመጥሁ። የጠበበው ሥር ውስጥ መረብ እንደገባ፣ ብረቱም ለገላቸው ባዕድ እንደሆነ ነገርኋቸው። ማገር ነው፣ ገና አልተመረገም፤ ምርጊቱን የሚሠራው የራስዎ ገላ ነው፣ ጊዜ ይፈልጋል አልሁ። ሁለቱን ኪኒኖች መዳፋቸው ላይ አስቀመጥሁላቸው። እነዚህ ደም እንዳይረጋ ነው፤ ብርታት አይሰጡም። በጾም ሰዓቱን እናዞርልዎታለን እንጂ አይተዉትም፤ ጠበልም ፍል ውሃም ቢሄዱ ከርስዎ ጋር ይሄዳሉ። ሐኪሙ ሳያዝዎ ከተዉት ሥሩ በአንድ ጊዜ ሊዘጋ ይችላል፤ ያን ጊዜ እኔም ዶክተሩም አንደርስልዎትም። ወንድምዎ የሞቱት በዚህ ነው። ለብርታት ነው ብዬ የዋሸኋቸውም እኔ ነኝ። ትንሹ ልጅ ፊቱን ወደ መስኮቱ አዞረ።

አሁን አንቱ ንገሩኝ አልኋቸው። ነገሩኝ። አንድ ቃል አላጎደሉም፤ ማገሩንም ምርጊቱንም ከኔ አሳምረው ተናገሩት። ቃላቸውን እንዳለ ካርዱ ላይ ጻፍሁ። ቀና ስል አቶ ገዳሙ መዳፋቸው ላይ ያሉትን ሁለት ኪኒኖች ያያሉ።

«በቃ ይኸው ነው?» አሉኝ።

«ይኸው ነው።»

«ይኸንማ ደምሌ ይችለው ነበር።»

«ይችሉት ነበር» አልሁ።